ለብልህ አይነግሩም፦ ስለ ዕጩዎችና ከዕጩዎች እጅ ውጭ ስለሚወጣ የምርጫ ገንዘብ

(ለማኅበሩ ዓመታዊ ጉባዔ የቀረበ ንግግር)



«ለብልህ አይነግሩም፣ ለአንበሳ አይመትሩም» ይላል ያገሩ ሰው። ለብልህ ጥቂት ፍንጭ ይበቃዋል፤ አንበሳም ሥጋው ተመትሮ እስኪቀርብለት አይጠብቅም። በምርጫ ሰሞን በዕጩና በደጋፊው መካከል የሚደረገውን መግባባት ከዚህ ምሳሌ ይልቅ አሳጥሮ የሚገልጽ አነጋገር ማግኘት ያስቸግራል። ዕጩው የሚያስፈልገውን በግልጽ አይጠይቅም፤ ደጋፊውም የሚሰጠውን በግልጽ አያቀርብም፤ ነገር ግን መኪናው በሰዓቱ ይደርሳል፣ ወረቀቱ ይታተማል፣ ሰንጋው ይታረዳል። ምርጫው ካለፈ በኋላ «ይህን ሁሉ ማን ከፈለ? ዕጩውስ ያውቅ ነበርን?» ተብሎ ቢጠየቅ፣ መልስ የሚሰጥ ሰነድ አይገኝም።

የዚህ ንግግር ዓላማ ይህ ጥያቄ በጎንደር ከተማና በሰሜን ጎንደር ደጋ እንዴት እንደሚነሣ ማመልከት፣ ሌሎች አገሮች ምን መልስ እንደ ሰጡት መመርመር፣ በመጨረሻም የሕግና የሒሳብ ባለሙያ ምን ሊሠራ እንደሚችል መጠቆም ነው።

የጥያቄው መሠረት

ለምርጫ ውድድር የሚወጣው ገንዘብ ከሁለት ወገን ይመጣል። አንደኛው ወገን ዕጩው ራሱ ወይም ያቀረበው ፓርቲ ሲሆን፣ ይህ ወገን ሒሳብ እንዲይዝና እንዲያስመረምር ሕግ ያስገድደዋል። ሁለተኛው ወገን ከዕጩው ውጭ ያለ ነጋዴ፣ ማኅበር፣ ዘመድ ወይም የወዳጆች ስብስብ ነው። ይህ ሁለተኛው ወገን የሚያወጣው ገንዘብ ከሁለት አንዱን ሊሆን ይችላል። ወይ የነፃ ዜጋ ሐሳብ መግለጫ ነው፤ ወይ ደግሞ በሌላ በር የገባ ስጦታ ነው። ልዩነቱ በገንዘቡ መጠን አይታወቅም። የሚታወቀው ሰጪውና ተጠቃሚው አስቀድመው ተመካክረዋል ወይስ አልተመካከሩም በሚለው ነው። ተመካክረው ከሆነ ወጪው የዕጩው ወጪ ነው፤ በዕጩው መዝገብም መግባት ይገባዋል።

ነገሩ በቃል ሲነገር ቀላል ይመስላል። ችግሩ ምክክር የሚባለው ነገር ደረሰኝ የሌለው መሆኑ ነው።

የሁለት አገሮች ልምድ

በዚህ ጉዳይ ረጅም ክርክር ካደረጉት አገሮች መካከል የተባበሩት የአሜሪካ መንግሥታትና ብሪታንያ ሁለት የተለያዩ መንገዶችን ተከትለዋል።

በአሜሪካ በ1974 እ.ኤ.አ. የተሻሻለው የምርጫ ገንዘብ ሕግ ለዕጩ የሚሰጠውን ስጦታና ከዕጩው ውጭ ያለ ሰው በራሱ የሚያወጣውን ወጪ ሁለቱንም በጣሪያ ወስኖ ነበር። የአገሪቱ ጠቅላይ ፍርድ ቤት ግን በ1976 እ.ኤ.አ. በባክሊና በቫሌዮ መካከል በተነሣው ክርክር በስጦታ ላይ የተጣለውን ገደብ አጽንቶ፣ በራስ ፈቃድ በሚወጣው ወጪ ላይ የተጣለውን ሻረው። ምክንያቱም ከዕጩው ጋር ሳይማከሩ የሚወጣ ገንዘብ ውለታ የመግዛት አደጋው ያነሰ ነው የሚል ነበር። በ2010 እ.ኤ.አ. ደግሞ ይኸው ፍርድ ቤት ሲቲዝንስ ዩናይትድ በተባለው ጉዳይ ኩባንያዎችና የሠራተኛ ማኅበራትም ይህንኑ መብት እንዳላቸው ፈረደ። በዚያው ዓመት በተሰጠ በሌላ ፍርድ ምክንያት ሱፐር ፓክ የሚባሉ፣ ያለ ገደብ ገንዘብ የሚሰበስቡና የሚያወጡ ቡድኖች ተፈጠሩ። እንግዲህ የዚያ ሕግ ሕንፃ በሙሉ በአንድ ምሰሶ ላይ ቆመ ማለት ነው፤ ምሰሶውም «ከዕጩው ጋር አትመካከሩ» የሚለው ክልከላ ነው።

ይህ ምሰሶ ምን ያህል ይጸናል? የአሜሪካ የምርጫ ኮሚሽን ዕጩው ጠይቆ ነበርን፣ በማስታወቂያው ዝግጅት ተካፍሎ ነበርን፣ ለሁለቱም ወገን የሚሠራ አንድ ባለሙያ ነበርን የሚሉ መመዘኛዎች አሉት። ሆኖም ለሕዝብ በይፋ ከተገለጸ ምንጭ የተገኘ መረጃ እንደ ምክክር አይቆጠርም። ስለዚህ ዕጩዎች በራሳቸው ገጽ ላይ፣ አብዛኛውን ጊዜ በቀይ መስመር በተከበበ ሳጥን ውስጥ፣ የትኛው አካባቢ መራጭ ስለ የትኛው ጉዳይ መስማት እንደሚገባው ጽፈው ያኖራሉ። ሱፐር ፓኩ አንብቦ እንደ ተጻፈው ያደርጋል። ማንም ከማንም ጋር አልተነጋገረም። በጎንደር የቅኔ ቤት የተማረ ሰው ይህን ሲሰማ አይደነቅም፤ ሰሙ ለሕዝብ፣ ወርቁ ለባለቤቱ ነውና። በ2024 እ.ኤ.አ. ኮሚሽኑ በሰጠው አስተያየት ደግሞ ቤት ለቤት እየዞረ ለሚደረግ ቅስቀሳ ዕጩና የውጭ ቡድን ቢመካከሩ እንደማይከለከል ገለጸ። በዚያው ዓመት በተደረገው የፕሬዚዳንት ምርጫ ባለሀብቱ ኢላን መስክ ከ250 ሚሊዮን ዶላር በላይ ሲያወጣ፣ የመሠረተው ቡድን ዋነኛ ሥራ ይኸው ቤት ለቤት የሚደረግ ቅስቀሳ ነበር።

ብሪታንያ በተቃራኒው ወጪውን ሁሉ በጠባብ ጣሪያ መወሰንን መረጠች። በዚያ አገር እያንዳንዱ ዕጩ የምርጫ ወኪል አለው፤ ለዕጩው ጥቅም የሚወጣው ወጪም በወኪሉ ፈቃድ ይወጣል፣ በወኪሉም መዝገብ ይጻፋል። ያለ ፈቃድ ሌላ ሰው ማውጣት የሚችለው በጣም ጥቂት ገንዘብ ነው። ይህም መንገድ የራሱ ጉድለት ነበረው። ለሦስተኛ ወገን የተፈቀደው ወጪ 5 ፓውንድ ብቻ በነበረበት ጊዜ በራሪ ወረቀት ያሠራጩ አንዲት ሴት ተከሰሱ፤ የአውሮፓ የሰብአዊ መብት ፍርድ ቤትም በ1998 እ.ኤ.አ. ቦውማን በተባለው ጉዳይ ይህ ገደብ ሐሳብን የመግለጽ ነፃነትን ከሚገባው በላይ ያጠብባል ሲል ፈረደ።

ከሁለቱም የሚገኘው ትምህርት አንድ ነው። በሩን ወለል አድርጎ የከፈተ ሕግ ባለጠጋውን የዕጩው ጌታ ያደርገዋል፤ ጨርሶ የዘጋውም ሕግ ተራውን ዜጋ ወንጀለኛ ያደርገዋል።

የኢትዮጵያ ያለፈ ታሪክ

በኢትዮጵያ ይህ ጥያቄ በየዘመኑ መልኩን እየለወጠ ኖሯል።

በ1948 ዓ.ም. የተሻሻለው ሕገ መንግሥት ከታወጀ በኋላ፣ ከ1950 እስከ 1965 ዓ.ም. ድረስ ለሕግ መምሪያ ምክር ቤት አምስት ጊዜ ምርጫ ተደርጓል። በጌምድርና ሰሜን ጠቅላይ ግዛትም እንደ ሌሎቹ ጠቅላይ ግዛቶች እንደራሴዎቹን ይልክ ነበር። በዚያ ዘመን የፖለቲካ ፓርቲ አልነበረም። ዕጩው በራሱ ስም፣ በራሱ ሀብትና በዘመዶቹ ድጋፍ ይወዳደር ነበር። ሕጉም ዕጩው በሚወዳደርበት አካባቢ 1,000 ብር የሚያወጣ የማይንቀሳቀስ ወይም 2,000 ብር የሚያወጣ የሚንቀሳቀስ ንብረት እንዲኖረው ያዝዝ ነበር። ከዚህም የተነሣ ንብረት የሌለው ሰው ውድድሩን የሚያየው ከአጥር ውጭ ቆሞ ነበር። ፓርቲ በሌለበት የዕጩው ገንዘብና የዘመዱ ገንዘብ የሚለይበት መስመር ስላልነበረ፣ «ከውጭ የመጣ ወጪ» የሚባል ጥያቄም ሊነሣ አልቻለም።

ሰኔ 7 ቀን 1979 ዓ.ም. ለብሔራዊ ሸንጎ 835 አባላትን ለመምረጥ በተደረገው ምርጫ ነገሩ ተገለበጠ። ዕጩዎችን የሚያቀርቡት የኢትዮጵያ ሠራተኞች ፓርቲ፣ የብዙኃን ድርጅቶችና የጦር ክፍሎች ነበሩ። አቅራቢው፣ ደጋፊውና ወጪ ሸፋኙ በአንድ ጥላ ሥር የተሰበሰቡ ስለ ነበሩ ውጭና ውስጥ የሚባል ነገር አልነበረም። ሁሉም በተቀናጀበት መቀናጀትን መከልከል ትርጉም የለውም።

ከ1987 ዓ.ም. ወዲህ ብዙ ፓርቲዎች የሚወዳደሩበት ሥርዓት በሕግ ሲቆም፣ ጥያቄው በሦስተኛ መልክ መጣ። በአማራ ክልል ጥረት የሚባለው ኢንዶውመንት በሕግ ከብአዴን የተለየ ሰውነት ያለው ድርጅት ነበር። ጎንደር የሚገኘው የዳሸን ቢራ ፋብሪካም ጥረት ካቋቋማቸው ድርጅቶች አንዱ ነበር። በትግራይም ኤፈርት የሚባለው ተመሳሳይ አቋም ነበረው። የንቅናቄው ከፍተኛ መሪዎች የጥረትን ቦርድ ይመሩ እንደ ነበር የታወቀ ነው። የፓርቲ ሕግ ፓርቲዎች በንግድ ሥራ እንዳይሠማሩ ሲከለክል፣ ኢንዶውመንቱ ፓርቲ ስላልሆነ ክልከላው አይነካውም ነበር። ይህን መጥቀስ የሚያስፈልገው እከሌ ለምርጫ ገንዘብ አወጣ ለማለት አይደለም። ሁለት ድርጅቶች በወረቀት ቢለያዩም በአንድ ጠረጴዛ ዙሪያ የሚቀመጡት ሰዎች አንድ ከሆኑ፣ «ተመካክረዋልን?» የሚለው ጥያቄ ትርጉም እንደሚያጣ ለማሳየት ነው። ሰው ከራሱ ጋር ለመመካከር ደብዳቤ አይጽፍም።

ግንቦት 7 ቀን 1997 ዓ.ም. የተደረገው ምርጫ ደግሞ ሌላ ገጽታ አሳየ። በሰሜን አሜሪካና በአውሮፓ የሚኖሩ ኢትዮጵያውያንና ትውልደ ኢትዮጵያውያን የድጋፍ ኮሚቴዎች አቋቁመው ለተቃዋሚ ፓርቲዎች፣ በተለይም ለቅንጅት፣ ገንዘብ ያሰባስቡ ነበር። የቅንጅት የምርጫ ምልክት ሁለት ጣት፣ የኢሕአዴግ ደግሞ ንብ ነበረ። በመንገድ ላይ ሁለት ጣቱን ያነሣ ልጅ ቅስቀሳ አድርጓል፤ ዋጋውን ግን ማንም ሊተምነው አይችልም። ከባሕር ማዶ የተላከው ገንዘብ ግን ዋጋ አለው፣ ላኪም አለው። በ2000 ዓ.ም. የወጣው የፓርቲዎች ምዝገባ አዋጅ ቁጥር 573 ፓርቲዎች ከውጭ አገር ዜጋ ስጦታ እንዳይቀበሉ ከልክሏል፤ ተከታዩም አዋጅ ይህንኑ መርሕ ጠብቋል። በኢትዮጵያ ሕግ የሌላ አገር ዜግነት የወሰደ ሰው የኢትዮጵያ ዜግነቱን ያጣል። በአዋጅ ቁጥር 270/1994 የትውልደ ኢትዮጵያዊ መታወቂያ ያገኘ ሰውም ብዙ መብት ቢኖረውም አይመርጥም፣ አይመረጥም። እንግዲህ ጎንደር ተወልዶ፣ በቀሃ ወንዝ ዋኝቶ ያደገ፣ ዛሬ ግን የአሜሪካ ፓስፖርት የያዘ ሰው ለወንድሙ የቅስቀሳ ገንዘብ ሲልክ በሕግ ዓይን የውጭ ሰው ነው። ገንዘቡ በእናቱ ስም በባንክ ሲገባ ግን የአገር ልጅ ገንዘብ ይሆናል። ይህን በር የሚዘጋው የሕጉ ቃል ብቻ አይደለም፤ የተቀባዩ ሒሳብ በጥንቃቄ መያዙም ጭምር ነው።

የዛሬው ሕግና የደጋው መንገድ

ዛሬ በሥራ ላይ ያለው የኢትዮጵያ የምርጫ፣ የፖለቲካ ፓርቲዎች ምዝገባና የምርጫ ሥነ ምግባር አዋጅ ቁጥር 1162/2011 ነው። ፓርቲዎች ሒሳብ እንዲይዙ፣ በውጭ ኦዲተር እንዲያስመረምሩና ለብሔራዊ ምርጫ ቦርድ እንዲያቀርቡ ያዝዛል። ምንጩ ያልታወቀ ገንዘብ እንዳይቀበሉም ይከለክላል። የ1996 ዓ.ም. የወንጀል ሕግም ድምፅን በስጦታ ወይም በተስፋ መግዛትን ይቀጣል። ነገር ግን አሜሪካውያን እንዳበጁት ያለ፣ ዕጩና ከውጭ ያለ ደጋፊ ተመካከሩ የሚባለው መቼ እንደ ሆነ አንድ በአንድ የሚዘረዝር መመዘኛ በኢትዮጵያ ሕግ ውስጥ አልተበጀም።

ይህ ክፍተት በሰሜን ጎንደር ደጋ ምን እንደሚመስል ለመረዳት አንድ ምሳሌ ይታሰብ። አንድ መምህር በጃናሞራ ይወዳደራል እንበል። ደሞዙ የታወቀ ነው። ከደባርቅ ተነሥቶ መካነ ብርሃን ለመድረስ በሰሜን ተራሮች መካከል፣ በቧሂት ከፍታ በኩል ማለፍ አለበት። ከዋናው መንገድ የራቁትን ቀበሌዎች ለማዳረስም በበቅሎ ወይም በእግር መሄድ ግድ ይሆንበታል። ለተቀናቃኙ ግን አንድ ነጋዴ ወዳጅ አለው። ነጋዴው አይሱዙ መኪናውን ከነሾፌሩና ከነነዳጁ ለአንድ ወር ያቆምለታል፤ የድምፅ ማጉያ ያከራይለታል፤ በገበያ ቀን ጠላና ዳቦ ያቀርብለታል። ከዚህ ሁሉ አንድ ብር በዕጩው እጅ አላለፈም። ዕጩው ቢጠየቅ፣ «መኪናው ለራሱ ጉዳይ ወደዚያ ይሄድ ነበር፤ እኔም አብሬ ተሳፈርኩ» ይላል። ነጋዴው ቢጠየቅ፣ «ሰው መደገስ መብቴ ነው» ይላል። ሁለቱም ቃል በቃል አልዋሹም።

ገንዘቡ ትንሽ ነው ተብሎ ሊናቅ አይገባም። የሕዝብ ተወካዮች ምክር ቤት ወንበሮች 547 ሲሆኑ፣ ከነዚህ 138ቱ የአማራ ክልል ናቸው። በእያንዳንዱ የምርጫ ክልል ብዙ ድምፅ ያገኘ ዕጩ ብቻ ያሸንፋል፤ ሁለተኛ የወጣው ምንም አያገኝም። በእንዲህ ያለ ጠባብ ሜዳ በአሜሪካ ሚሊዮን ዶላር የሚሠራውን እዚህ ጥቂት በርሜል ናፍጣ ሊሠራው ይችላል። ከምርጫው በኋላ ተመራጩ በመሬት፣ በግብር ወይም በጨረታ ጉዳይ በሚነሣ ክርክር ላይ ድምፅ ሲሰጥ፣ የጃናሞራ ገበሬ የተወካዩን ባለ ዕዳነት የሚያውቅበት መንገድ የለውም። የጉዳዩ ክብደት ያለው እዚህ ላይ ነው። ድምፁን የሰጠው ገበሬ ነው፤ ውለታው የተቆጠረው ግን ለነጋዴው ነው።

የጥብቅነት አደጋ

ይህም ሆኖ፣ ማናቸውንም ከዕጩ ውጭ የሚደረግ እንቅስቃሴ በጥብቅ መከልከል መፍትሔ ይሆናል ብሎ ማሰብ ስሕተት ነው። ለዚህም ከቅርብ ጊዜ ታሪክ ማስረጃ አለ። በ2001 ዓ.ም. የወጣው የበጎ አድራጎት ድርጅቶችና ማኅበራት አዋጅ ቁጥር 621 ከገቢያቸው ከ10 በመቶ በላይ ከውጭ የሚያገኙ ድርጅቶች በሰብአዊ መብትና በዴሞክራሲ ጉዳይ እንዳይሠሩ ከልክሎ ነበር። የተሰጠው ምክንያት ፖለቲካው በውጭ ገንዘብ እንዳይመራ መከላከል ነበር። ውጤቱ ግን መራጩን የሚያስተምሩና ምርጫን የሚታዘቡ ማኅበራት መዳከም ሆነ። አዋጁ በ2011 ዓ.ም. በወጣው አዋጅ ቁጥር 1113 እስኪተካ ድረስ ብዙዎቹ ሥራቸውን አቁመው ወይም ለውጠው ቆይተዋል።

ከዚህም ሌላ በሥልጣን ላይ ያለ ፓርቲ የወረዳ መኪና፣ የወረዳ አዳራሽና የወረዳ ሠራተኛ በቅርቡ አለ። የመንግሥትን ንብረት ለቅስቀሳ ማዋል የተከለከለ ቢሆንም፣ ደጋፊዎች መዋጮ እንዳያዋጡ ብቻ የሚከለክል ሕግ ከወጣ የሚጎዳው ሌላ አቅም የሌለው ወገን ነው። ስለዚህ ስለ ውጭ ወጪ የሚበጀው መመዘኛ የነጋዴውን አይሱዙ ሲለካ የወረዳውን መኪናም በዚያው ሚዛን መለካት አለበት። ሚዛኑንም መያዝ ያለበት የወረዳ አስተዳደር ሳይሆን ገለልተኛው ምርጫ ቦርድ ነው።

ምን ይደረግ?

ከላይ ከተዘረዘረው በመነሣት አምስት ነጥቦችን ማቅረብ ይቻላል።

አንደኛ፣ ዕጩው ጠይቆ፣ ፈቅዶ ወይም እያወቀ የተጠቀመበት ማናቸውም ነገር፣ መኪናም ይሁን አዳራሽ ወይም ድግስ፣ በገበያ ዋጋ ተተምኖ በዕጩው ሒሳብ ይግባ። መመዘኛው «ተነጋግረዋልን?» ብቻ ሳይሆን «እያወቀ ተጠቅሟልን?» የሚል ይሁን። ንግግር ሊደበቅ ይችላል፤ በአይሱዙ ላይ መሳፈር ግን አይደበቅም።

ሁለተኛ፣ ከዕጩው ጋር ሳይማከር በራሱ ፈቃድ የሚቀሰቅስ ሰው ወይም ቡድን በሚያሳትመው ወረቀትና በሚያስነግረው ማስታወቂያ ላይ ስሙን ያስፍር። ምልክት ብቻ ይዞ ስም የሌለው ወረቀት በሕዝብ ዓይን ፊት ወላጁ ያልታወቀ ልጅ ነው።

ሦስተኛ፣ ጥቂት የሆነው ድጋፍ ከዚህ ግዴታ ነፃ ይሁን። ጎረቤቱን ጀበና ቡና ጋብዞ ስለ ዕጩው የሚያወጋ ሰው፣ ወይም በግድግዳው ላይ አንድ ወረቀት የለጠፈ ወጣት ሒሳብ እንዲያቀርብ መጠየቅ የቦውማንን ስሕተት መድገም ነው።

አራተኛ፣ ሒሳቡ ከምርጫው በኋላ ብቻ ሳይሆን ከድምፅ መስጫው ቀን በፊት ለሕዝብ ይገለጽ። መራጩ ያወቀው ነገር የሚጠቅመው ካርዱ በእጁ ሳለ ነው፤ ኮሮጆው ከታሸገ በኋላ የሚወጣ ሪፖርት የታሪክ ሰነድ እንጂ የምርጫ መሣሪያ አይደለም።

አምስተኛ፣ ኢንዶውመንትም ሆነ ማናቸውም ድርጅት ከፓርቲ ጋር የጋራ መሪ ካለው፣ ለምርጫ የሚያወጣው ወጪ የፓርቲው ወጪ እንደ ሆነ ይገመት፤ አይደለም የሚል ካለ የማስረዳቱ ሸክም በርሱ ላይ ይሁን።

እነዚህ ነጥቦች በሕግ አውጪው ፈቃድ የሚፈጸሙ ናቸው። ሕጉ እስኪሻሻል ድረስ ግን ባለሙያው እጁን አጣጥፎ እንዲቀመጥ የሚያስገድደው ነገር የለም። የፓርቲን ሒሳብ የሚመረምር ኦዲተር በባንክ የገባውንና የወጣውን ብር ቆጥሮ ሲያበቃ፣ «የተጠቀማችሁባቸው መኪናዎች የማን ነበሩ? ነዳጁንስ ማን ቀዳ? አዳራሹ ያለ ኪራይ የተገኘው ከማን ነው?» ብሎ የመጠየቅ ሥልጣን አለው። መልስ ካላገኘ ይህንኑ በሪፖርቱ ላይ ለመጻፍ የሙያው ግዴታ ያስገድደዋል። ጠበቃውም ዕጩን ሲያማክር ሕጉን የሚያልፍበትን ቀዳዳ ከማሳየት ይልቅ ስጦታውን እንዲመዘግብ ሊመክረው ይገባል።

ሕዝቡ ለእንዲህ ያለ መዝገብ እንግዳ ነው የሚል ሰው ካለ፣ ወደ ማናቸውም የጎንደር ዕድር ይሂድና ይመልከት። ዕድሩ ዳኛ አለው፣ ጸሐፊ አለው፣ ገንዘብ ያዥ አለው። ማን መዋጮ እንደ ከፈለ፣ ማን እንደ ቀረ፣ ለየትኛው ሐዘን ስንት እንደ ወጣ በመዝገብ ሰፍሯል። በሠርግ ቤትም ስጦታ ተቀባዩ ደብተር ይዞ ይቀመጣል፤ ማን ምን እንደ ሰጠ ይጻፋል፣ በሰጪው ተራ ጊዜም ይመለሳል። ደብተር መያዙ ማንንም አያሳፍርም፤ ይልቁንም ውለታው በገሃድ እንዲታወቅና በገሃድ እንዲከፈል ያደርጋል። ለሠርግና ለቀብር ይህን ያህል የሚጠነቀቅ ሕዝብ፣ በስሙ ሕግ የሚያወጣለት ሰው ከማን ምን እንደ ተቀበለ የማወቅ መብት አለው። ይህን መብት በአኃዝ የማስከበሩ ሥራ ደግሞ የሙያው ድርሻ ነው።